ከአገር አገር እየዞሩ ቅርጫት ኳስ መጫወት፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

የአሜሪካው ትልቁ ሊግ ኤንቢኤ ያልገባ፣ ገብቶም ያልቆየ፣ ግን ቅርጫት ኳስን እንጀራው አድርጎ አስር አስራ ሁለት ዓመት የሚኖር ብዙ ሰው አለ። ዘንድሮ ፖላንድ፣ ከርሞ ቆጵሮስ፣ ሊጉ ሲዘጋ ደግሞ ፖርቶ ሪኮ። ስሙን ቴሌቪዥን ላይ አንሰማውም። ግን በትንሽ ከተማ አዳራሽ ውስጥ ሦስት ሺህ ሰው ቆሞ የሚጮኸው ለሱ ነው። ለነዚህ ተጫዋቾች ትልቅ አክብሮት አለኝ። ስለነሱ የሚነሳው ጥያቄ ሁሌም ተመሳሳይ ስለሆነ መልሱን አንድ ቦታ ልጻፈው ብዬ ነው። ዓመተ ምሕረቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ኤንቢኤ ያልገባ ተጫዋች ያልተሳካለት ማለት ነው?

በፍጹም። እስቲ ወንበሩን ቁጠሩት። ኤንቢኤ 30 ቡድን አለው። አንድ ቡድን መደበኛ ውል የሚሰጠው ለ15 ተጫዋች ነው፤ ከነሱ ሌላ ሦስት ልጆችን በዋናው ቡድንና የኤንቢኤ ማሳደጊያ በሆነው ጂ ሊግ መካከል በሚያመላልስ ውል መያዝ ይችላል። መደበኛው ወንበር እንግዲህ 450 ነው። ይህም በየዓመቱ ክፍት አይሆንም፤ አብዛኛው ባለቤት አለው። ቡድኖቹ አዳዲስ ልጆችን በየተራ በሚመርጡበት ድራፍት የሚጠሩት 60 ገደማ ናቸው፣ በሁለተኛው ዙር የተጠራ ደግሞ ውል ለማግኘቱ ዋስትና የለውም።

በዓለም ላይ በአንድ ሙያ 500ኛ የሆነ ሐኪም ወይም መሐንዲስ ቢኖር አገር ይኮራበታል። 500ኛው ቅርጫት ኳስ ተጫዋች ግን ሻንጣውን ይዞ ወደ ኢስታንቡል ወይም ወደ ማኒላ ይሄዳል፣ ሰውም “አልተሳካለትም” ይለዋል። ይሄ አባባል ቢቀር ደስ ይለኛል።

ለምንድን ነው በየዓመቱ ክለብ የሚቀያይሩት? ጸባያቸው ነው?

ይህን ስሰማ ይከፋኛል። ምክንያቱም አብዛኛውን ጊዜ ከጸባይ ጋር ምንም አይገናኝም።

የውጭ ተጫዋች ውል በብዛት የአንድ የውድድር ዘመን ነው። መስከረም ላይ ይጀምራል፣ ግንቦት ወይም ሰኔ ላይ ያልቃል፣ ከዚያ በኋላ ተጫዋቹ ሥራ ፈላጊ ነው። ጥሩ ከተጫወተ የተሻለ የሚከፍል ክለብ ይወስደዋል። ካልሆነለት ክለቡ ሌላ ሰው ይፈልጋል። ያም ሆነ ይህ ቤቱን ይለቃል። መካከለኛ የሆነው እንኳን አይተርፍም፤ ክለቡ ስፖንሰር ሲያጣ፣ ከሊጉ ሲወርድ፣ ወይም አሰልጣኝ ሲቀይርና አዲሱ አሰልጣኝ የራሱን ሰው ይዞ ሲመጣ ይሄዳል።

ሌላም አለ። ከውጭ የመጣ ተጫዋች እስኪለምድ ጊዜ አይሰጠውም። ክለቡ ከሁሉም በላይ የከፈለው ለሱ ስለሆነ ከመጀመሪያው ጨዋታ ጀምሮ ነጥብ ይጠበቅበታል። ቡድኑ በተከታታይ ሦስት አራት ጨዋታ ሲሸነፍ አስተዳደሩ አንድ ነገር አድርጎ ለደጋፊው ማሳየት አለበት፤ የአገሩን ልጆች ማባረር አይችልም፣ ረጅም ውል አላቸው፣ ከተማውም ያውቃቸዋል፣ ስለዚህ ቀድሞ የሚሰናበተው ከሩቅ የመጣው ነው። አንዳንዱ ታህሳስ ሳይገባ ይሰናበታል። በጥር ወር ሌላ አገር፣ ሌላ ማሊያ ለብሶ ታገኙታላችሁ። የሕይወት ታሪኩ ላይ አስራ አራት ክለብ የተደረደረበትን ሰው ስታዩ፣ አስራ አራት ጊዜ የፈለገው ክለብ እንደነበረም አስቡ።

የውጭ ተጫዋች ኮታ የሚባለው ምንድን ነው?

እያንዳንዱ ሊግ አንድ ቡድን ስንት የውጭ ሰው ማሰለፍ እንደሚችል ይወስናል። ለተዘዋዋሪ ተጫዋች ከችሎታው ባልተናነሰ ዕድሉን የሚወስነው ይሄ ቁጥር ነው።

የጀርመን ቡንደስሊጋን ውሰዱ። ለአንድ ጨዋታ ከሚመዘገቡት 12 ተጫዋቾች ቢያንስ ስድስቱ ጀርመናዊ መሆን አለባቸው። የፊሊፒንሱ ሊግ ፒቢኤ በአንዱ ዋንጫ ውስጥ ጭራሽ የውጭ ተጫዋች አይፈቅድም፣ በሌሎቹ ግን ያስገባል፣ ብዙ ጊዜም የቁመት ገደብ ያወጣል።

ቁመት ካነሳን ደቡብ ኮሪያ ይጫወት የነበረው የአሜሪካዊው ዴቪድ ሳይመን ነገር አይረሳኝም። የኮሪያ ሊግ ለ2018–19 የውድድር ዘመን ትልቁ የውጭ ተጫዋች ከ200 ሴንቲ ሜትር እንዳይበልጥ፣ ሁለተኛው ደግሞ ከ186 እንዳይበልጥ ወሰነ። ሳይመን የሊጉ ከፍተኛ ነጥብ አስቆጣሪ ነበር። ሲለካ 202.1 ሆነ። በሁለት ሴንቲ ሜትር ምክንያት ሥራውን አጣ። ሕጉ በቀጣዩ ዓመት ተነሳ፣ ለሱ ግን ረፍዶበት ነበር።

አውሮፓ ውስጥ ደግሞ ነገሩ ፓስፖርት ላይ ነው። ቦስማን በተባለ የቤልጂየም እግር ኳስ ተጫዋች ክስ ላይ በ1995 የወጣው ፍርድ የአውሮፓ ኅብረት ዜጎች በኅብረቱ አገሮች ውስጥ እንደ ባዕድ እንዳይቆጠሩ በሩን ከፈተ። ከዚያ በኋላ በ2000 የተፈረመው የኮቶኑ ስምምነት መጣ። እሱም ከአፍሪካ፣ ከካሪቢያንና ከፓስፊክ አገሮች የመጡ ሠራተኞችን ከአድልዎ የሚጠብቅ አንቀጽ ነበረበት፤ በዚህ መነሻ እንደ ስፔንና ፈረንሳይ ያሉ ሊጎች ለነዚህ አገሮች ዜጎች የተለየ ቦታ ሰጡ። በዚህ የተነሳ አያቱን ወይም እናቱን ቆጥሮ የአፍሪካ ፓስፖርት ያወጣ አሜሪካዊ ተጫዋች ብዙ ነው። ሁለተኛ ፓስፖርት የማግኘት መብት ካለህ፣ እባክህ ሥራ ሳትጀምር ወረቀቱን ጨርስ። አንድ ዓይነት ችሎታ ካላቸው ሁለት ሰዎች ክለቡ ኮታ የማይበላበትን ይመርጣል።

ገንዘቡ ስንት ነው?

ልዩነቱ የሰማይና የምድር ነው። የአውሮፓ ትልቁ የክለቦች ውድድር በሆነው ዩሮሊግ ላይ ያሉት ትልልቆቹ ስሞች በዓመት ሚሊዮኖች ያገኛሉ። በአንጻሩ በአንድ ትንሽ ሊግ ሁለተኛ ዲቪዚዮን የሚጀምር ልጅ በወር ሁለት ሺህ ዶላር ሊያገኝ ይችላል፣ ከዚያ በታችም አለ። አብዛኛው ተዘዋዋሪ ተጫዋች በነዚህ ሁለት ጫፎች መካከል፣ ከላይኛው ይልቅ ወደ ታችኛው ቀረብ ብሎ ነው የሚኖረው።

ቁጥሩን ስትሰሙ ግን ሦስት ነገር አስታውሱ። አንደኛ፣ በአውሮፓ ደመወዝ የሚነገረው አብዛኛውን ጊዜ ተጣርቶ ነው፤ ግብሩን የሚከፍለው ክለቡ ነው። ሁለተኛ፣ ቤት፣ ብዙ ጊዜ መኪና፣ የደርሶ መልስ ትኬት በውሉ ውስጥ ይካተታሉ። ስለዚህ በወር ሦስት ሺህ ተጣርቶ የሚያገኝ ልጅ ጥሩ መቆጠብ ይችላል። ሦስተኛው ደግሞ የሚያሳዝነው ነው፦ ደመወዙ ዓመቱን ሙሉ አይመጣም። ስምንት፣ ዘጠኝ ወይም አስር ክፍያ ነው። የቀሩት ወራት ባዶ ናቸው። ይሄን ያልቆጠረ ሰው ነሐሴ ላይ ይበደራል።

ክለቡ ግብር ከፈልኩልህ ካለህ ማስረጃውን በጽሑፍ ተቀበል። አሜሪካዊ ከሆንክ የትም ብትኖር ለአገርህ ገቢህን ማሳወቅ አለብህ፤ የውጭው ክለብ ግብሩን መክፈሉን የሚያሳይ ወረቀት ከሌለህ ዋጋ ያስከፍልሃል።

ክለቡ ባይከፍለኝስ?

ይሄ ጥያቄ ረጅም መልስ ይፈልጋል። ምክንያቱም ደመወዝ መዘግየት በዚህ ሙያ ውስጥ የተለመደ ነገር ነው። “የሚቀጥለው ሳምንት” ይሉሃል። ቀጥሎ ስፖንሰሩ አልላከልንም ይሉሃል። ከዚያ ፕሬዚዳንቱ ስልክ አያነሳም። አንተ ግን ልምምድ ላይ መገኘት አለብህ፤ ከቀረህ ውል ያፈረስከው አንተ ነህ ብለው ይጽፋሉ።

የመጀመሪያው መከላከያ ውሉ ራሱ ነው። ጥሩ ውል ውስጥ “ክፍያው ይህን ያህል ቀን ካለፈ ተጫዋቹ ልምምድና ጨዋታ ማቆም ይችላል፣ ከዚህ በላይ ከዘገየ ደግሞ ውሉን አፍርሶ ቀሪውን ገንዘብ የመጠየቅ መብት አለው” የሚል አንቀጽ ይኖራል። ቀኑ በቁጥር ይጻፍ። “በተገቢው ጊዜ” የሚል ቃል ካየህ አስወጣው።

ሁለተኛው መከላከያ የግልግል አንቀጹ ነው። የዓለም ቅርጫት ኳስ ፌዴሬሽን (ፊባ) በ2007 ለዚህ ዓይነት ክርክር የግልግል ፍርድ ቤት አቋቁሟል፤ አሁን የሚጠራው ባት በሚል አጭር ስም ነው። መቀመጫው ጄኔቫ ነው። ጉዳዩን የሚያየው አንድ ዳኛ ብቻ ነው፣ ቋንቋው እንግሊዝኛ ነው፣ ክርክሩ በአብዛኛው በጽሑፍ ያልቃል። የአንድን አገር ሕግ እየጠቀሱ መነታረክ የለም። ዳኛው ውሉን አይቶ በሚዛናዊነት ይፈርዳል። በክለቡ ከተማ ፍርድ ቤት፣ በማታውቀው ቋንቋ፣ የክለቡን ፕሬዚዳንት በሚያውቅ ሰው ፊት ዓመታት ከመመላለስ ጋር አወዳድረው።

ባት የሚያይልህ ግን ውልህ ላይ ስሙ ከተጻፈ ብቻ ነው። ይሄን መስመር ሁለት ጊዜ አንብበው። አንቀጹ ከሌለ በሩ ዝግ ነው። አንቀጹ ካለና ከተፈረደልህ ግን ክለቡ ቢያንገራግር ፊባ ሊቀጣው ይችላል፤ አንዱ ቅጣት አዲስ ተጫዋች እንዳያስመዘግብ ማገድ ነው። ለክለብ ይሄ ጉሮሮውን እንደመያዝ ነው። ከዚያ ብዙ ጊዜ ገንዘቡ ይመጣል።

እስከዚያው ድረስ ሁሉንም ነገር ሰብስብ። የባንክ ወረቀት፣ ኢሜል፣ የጽሑፍ መልእክት፣ ያልተከፈለበት ቀን። በቃል የተነገረህን በዚያኑ ዕለት በኢሜል ደግመህ ላክላቸው፦ “ዛሬ እንደተነጋገርነው የጥር ደመወዜ በ15 ይከፈለኛል” ብለህ። ጨዋነት ያለው አጻጻፍ ነው፣ ማስረጃም ነው።

መልቀቂያ ምንድን ነው? ክለቤ ሊከለክለኝ ይችላል?

ከአንድ አገር ፌዴሬሽን ወደ ሌላ ስትዛወር የመጨረሻ የተጫወትክበት አገር ፌዴሬሽን መልቀቂያ ደብዳቤ መስጠት አለበት። ያለሱ አዲሱ ክለብ ሊያስመዘግብህ አይችልም። ፌዴሬሽኑ ሊከለክልህ የሚችለው ውልህ ገና ካላለቀ ነው። ስለዚህ ከክለብ ጋር በስምምነት ስትለያይ የመለያያ ወረቀት ፈርመህ ያዝ። “ችግር የለም፣ ሂድ” የሚል ቃል ብቻ ይዞ አውሮፕላን የሚሳፈር ሰው አዲሱ ከተማ ሆቴል ውስጥ ቁጭ ብሎ ጨዋታ ያመልጠዋል።

ወኪል የግድ ያስፈልጋል?

በተግባር አዎ። ክለቦች በየቀኑ መቶ የተጫዋች ቪዲዮ ይላክላቸዋል፣ የሚከፍቱት የሚያውቁት ሰው የላከውን ነው። ፊባ ለወኪሎች ፈቃድ ይሰጣል። የወኪልህን ፈቃድ አጣራ። ክፍያው በተለምዶ እስከ ውሉ 10 በመቶ ሲሆን፣ በአውሮፓ ብዙውን ጊዜ የሚከፍለው ክለቡ ነው።

“መጀመሪያ ገንዘብ ክፈለኝና ክለብ አገኝልሃለሁ” ከሚል ሰው ሽሽ። ለሙከራ ካምፕ ብሎ ከልጆች ብር የሚሰበስብ ብዙ አለ። አንዳንዱ ካምፕ እውነተኛ ነው፣ ግን ከመክፈልህ በፊት ባለፈው ዓመት ከዚያ ካምፕ ውል ያገኙ ልጆችን ስም ጠይቅ፣ ከዚያም ራሳቸውን ልጆቹን ጠይቃቸው።

ጥሩ ወኪል በምን ይታወቃል? ውል ሲፈረም ሁሉም ይደውላል። በየካቲት ደመወዝ ሲዘገይ የሚደውለው ነው ጥሩው።

ጨዋታው ራሱ ይለያል?

ይለያል። የፊባ ጨዋታ 40 ደቂቃ ነው፣ የኤንቢኤው 48። በአምስተኛው ፎል ትወጣለህ፣ ኤንቢኤ ስድስት ይሰጣል። የሦስት ነጥቡ መስመር 6.75 ሜትር ላይ ነው፣ በኤንቢኤ ከፊት ለፊት 7.24። ኳሷ ቀለበቱን ከነካች በኋላ ቀለበቱ ላይ እያለች መትተህ ማስወጣት ትችላለህ። ታይም አውት የሚጠይቀው አሰልጣኙ ነው፤ አንተ ሜዳ ውስጥ ሆነህ በእጅህ ምልክት ብታሳይ ዳኛው ዞር ብሎም አያይህም።

ከሁሉም የሚከብደው ግን ሌላ ነው። በኤንቢኤ ተከላካይ የሚይዘው ሰው ከሌለ ቅርጫቱ ስር ባለው ቀለም የተቀባ ሳጥን ውስጥ ከሦስት ሰከንድ በላይ መቆም አይችልም። በፊባ ይሄ ሕግ የለም። ትልቁ ልጅ ቅርጫቱ ስር ተተክሎ ይጠብቅሃል። ኳስ እየነዳ ወደ ቅርጫቱ በመግባት ብቻ የኖረ ተጫዋች ወደ ውስጥ ሲገባ ሁሌም ግድግዳ ያገኛል። ጨዋታው አጭር ስለሆነ የምታጠፋው ኳስ ሁሉ ከብዶ ይቆጠራል። አሰልጣኙም 18 ነጥብ አስቆጥረህ መከላከል ላይ ከተኛህ ይጮህብሃል። ብዙ ጎበዝ አስቆጣሪ የመጀመሪያ ዓመቱን የሚያጣው በዚህ ነው። ለመማር የፈቀደ ግን በሁለተኛው ዓመት ሌላ ሰው ሆኖ ይመጣል።

ዓመቱን ሙሉ ነው የሚጫወቱት?

ብዙዎቹ አዎ። የአውሮፓው ሲያልቅ የፖርቶ ሪኮው ሊግ እየተካሄደ ነው፣ የኒውዚላንዱም እንደዚሁ፣ በ2019 የተጀመረው የካናዳ ሊግም ሰኔና ሐምሌ ላይ ይጫወታል። በእኛ አህጉር ደግሞ በግንቦት 2021 ኪጋሊ ላይ በ12 ክለቦች የተጀመረው የባስኬትቦል አፍሪካ ሊግ አለ፤ የመጀመሪያውን ዋንጫ የወሰደው የግብፁ ዛማሌክ ነበር። ተጨማሪ ገቢ ነው፣ ራስን ማሳያም ነው። ጉልበት ግን አንድ ነው። ሠላሳ ዓመት ካለፈህ ከሁለቱ ወቅቶች አንዱን ለማረፍ ስጠው።

ኑሮው እንዴት ነው?

ጨዋታው በሳምንት አንድ ወይም ሁለት ነው። የቀረው ሰዓት ነው ከባዱ። ጠዋት ልምምድ፣ ማታ ልምምድ፣ በመካከል አምስት ሰዓት ባዶ ቤት ውስጥ። ቤተሰብህ ጋር ስትደውል እነሱ ተኝተዋል። ሲነሱ አንተ ልምምድ ላይ ነህ። ልጅህ የመጀመሪያ እርምጃዋን የምትሄደው በስልክ መስኮት ውስጥ ነው። ይሄን በደመወዝ ዝርዝሩ ላይ ማንም አይጽፈውም።

ባለትዳር ከሆንክ ውሉ ውስጥ የቤተሰብህ ትኬትና የቤቱ ስፋት ይግባ። ልጆች ካሉህ ደግሞ የትምህርት ቤት ነገር ከመፈረምህ በፊት ይነሳ፤ ከመጣችሁ በኋላ ማንም አይጨነቅልህም።

የሚረዳው ነገር ቀላል ነው፣ ግን ሰው ይንቀዋል። ሰላምታና ምስጋናውን በአገሩ ቋንቋ ተማር። የአዳራሹን ጠባቂ፣ ማሊያ የምታጥበውን እናት፣ ሹፌሩን በስማቸው ጥራ። ከአገሬው ተጫዋቾች አንዱ ቤት ሲጠራህ አትቅር። አንደኛ ሰው ነህ፣ ብቸኝነት ይጎዳሃል። ሁለተኛ ክፉ ቀን ሲመጣ፣ ደመወዝ ሲቀር ወይም ጉልበትህ ሲያብጥ፣ የትኛው ሐኪም ጥሩ እንደሆነና ፕሬዚዳንቱ በእርግጥ ገንዘብ እንዳለው የሚነግሩህ እነሱ ናቸው።

ብጎዳስ?

ውሉ ላይ ነው ሁሉም ነገር። ስትደርስ በመጀመሪያዎቹ ሁለት ሦስት ቀናት የሕክምና ምርመራ ያደርጉልሃል። ምርመራውን ካለፍክ ውሉ ዋስትና ያገኛል፣ ቢያንስ እንደዚያ ተብሎ መጻፍ አለበት። ከዚያ በኋላ በልምምድ ወይም በጨዋታ ብትጎዳ ደመወዝህ ይቀጥላል የሚል ዓረፍተ ነገር ፈልግ። ሕክምናውን ማን እንደሚከፍል፣ ከሌላ ሐኪም ሁለተኛ አስተያየት የማግኘት መብት እንዳለህም ይጻፍ። የክለብ ሐኪም ደመወዙን ከክለቡ ነው የሚቀበለው። ጥሩ ሰው ሊሆን ይችላል። አንተ ግን ያለህ ጉልበት ሁለት ብቻ ነው።

ሴቶቹስ?

የሴቶቹ ታሪክ ከወንዶቹ ይለያል፣ በአንዳንድ በኩልም ይከብዳል። ለወንዱ ወደ ውጭ መሄድ የኤንቢኤ በር ሲዘጋ የሚመጣ አማራጭ ነው። በሴቶቹ ግን ለረጅም ዓመታት የዓለም ምርጦቹ ራሳቸው ነበሩ የሚሰደዱት። በአሜሪካው የሴቶች ሊግ በዳብሊውኤንቢኤ ከሚያገኙት በብዙ እጥፍ የሚከፍላቸው የሩሲያ፣ የቱርክ ወይም የቻይና ክለብ ስለነበር ዓመቱን ሙሉ ያለ እረፍት ይጫወቱ ነበር። በ2015 ዲያና ቶራሲ የአሜሪካውን የውድድር ዘመን ሙሉ በሙሉ ተወችው፤ የሩሲያው ክለቧ እንድታርፍለት ብሎ ከአገሯ ደመወዝ በላይ ከፈላት። በዓለም አንደኛ የምትባል ተጫዋች በአገሯ ሊግ ከመጫወት ይልቅ ማረፍ የበለጠ ከከፈላት፣ ጥፋቱ የሷ አልነበረም።

በየካቲት 2022 ደግሞ ሩሲያ ውስጥ ትጫወት የነበረችው አሜሪካዊቷ ብሪትኒ ግራይነር ሞስኮ አየር ማረፊያ ላይ የካናቢስ ዘይት ያለበት የኤሌክትሮኒክ ሲጋራ ማጨሻ ሻንጣዋ ውስጥ ተገኘ ተብላ ተያዘች። ዘጠኝ ዓመት ተፈረደባት። በእስረኛ ልውውጥ የወጣችው በታህሳስ 2022 ነው። በዚያው ሰሞን ከዩክሬን ጦርነት የተነሳ ወንዶቹም ከሩሲያና ከዩክሬን ክለቦች እየወጡ ነበር፣ ዩሮሊግም የሩሲያ ክለቦችን አገደ። አሁን አሜሪካ ውስጥ አንራይቫልድ የሚባል፣ ሦስት ለሦስት የሚጫወት ሊግ በጥር 2025 ስለተጀመረ በአገራቸው ሆነው የብርዱን ወራት የሚያሳልፉ አሉ። ለሌላዋ ተጫዋች ግን፣ ስሟ ለማይታወቀው፣ መንገዱ አሁንም ውጭ ነው። ልትሄጂ ከሆነ የምትሄጂበትን አገር ሕግ፣ በተለይ የመድኃኒት ሕጉን፣ ሻንጣ ሳትዘጊ በፊት እወቂ። በአገርሽ በሐኪም የታዘዘ ነገር እዚያ ወንጀል ሊሆን ይችላል።

ለሌላ አገር ብሔራዊ ቡድን መጫወት ይቻላል?

ዜግነት ካገኘህ ይቻላል፣ ግን ፊባ ከ16 ዓመት በኋላ ዜግነት ያገኘን ተጫዋች በአንድ ቡድን ውስጥ ከአንድ በላይ አይፈቅድም። ይሄ አንድ ቦታ የብዙ ተዘዋዋሪ ተጫዋች ሕይወት ቀይሯል። ጄ.አር. ሆልደን በላትቪያ፣ በቤልጂየምና በግሪክ ተጫውቶ ሞስኮ የደረሰ አሜሪካዊ ነው። በ2007 የአውሮፓ ዋንጫ ፍጻሜ፣ ማድሪድ ላይ፣ በስፔኖች ሜዳ፣ ሁለት ሰከንድ ሲቀር ለሩሲያ ያስቆጠራት ኳስ ጨዋታውን 60 ለ 59 ጨረሰች። ቦ ማካሌብን ደግሞ መቄዶንያውያን አይረሱትም። በ2011 ሊትዌኒያ ላይ በተደረገው የአውሮፓ ዋንጫ እሱን የያዘች ትንሽ አገር አስተናጋጇን በሩብ ፍጻሜ አሰናብታ አራተኛ ሆነች።

ከውጭ ወደ ኤንቢኤ የተመለሰ አለ?

አለ። እኔ ሁሌ የምጠቅሰው ፒ.ጄ. ታከርን ነው። በ2006 ቶሮንቶ በ35ኛ ተራ መረጠው። 17 ጨዋታ ተጫውቶ ተሰናበተ። ከዚያ አምስት ዓመት ዞረ፦ እስራኤል፣ ዩክሬን፣ ግሪክ፣ ጣሊያን፣ ጀርመን። በ2008 ከሆሎን ጋር የእስራኤልን ሊግ፣ በ2012 ከባምበርግ ጋር የጀርመንን ሊግ አሸነፈ። በዚያው 2012 ፊኒክስ ወሰደው። በ2021 በ36 ዓመቱ ከሚልዋኪ ጋር የኤንቢኤ ዋንጫ አነሳ። ይሄን ሰው ኤንቢኤ ውስጥ ያቆየው ነጥብ ማስቆጠሩ አልነበረም። መከላከል፣ ሪባውንድ፣ ከጥግ ሦስት ነጥብ። በኮሌጅ ኮከብ የነበረ ሰው ሌሎች የማይወዱትን ሥራ መሥራት የተማረው በነዚያ ዓመታት ነው።

ማይክ ጄምስ ደግሞ ሌላውን መንገድ ያሳያል። በ2012 ማንም አልመረጠውም። በክሮኤሺያ፣ በእስራኤል፣ በጣሊያንና በግሪክ ትንንሽ ክለቦች ጀመረ። ኤንቢኤንም ቀመሰው፣ ግን ስሙን የሠራው ዩሮሊግ ላይ ነው፤ በ2024 የሊጉ ምርጥ ተጫዋች ተባለ፣ በኋላም በውድድሩ ታሪክ ብዙ ነጥብ ያስቆጠረ ሰው ሆነ። መመለስ ብቻ አይደለም መድረሻው።

ለመመለስ የምታስብ ከሆነ ግን በውልህ ውስጥ የኤንቢኤ መውጫ አንቀጽ ይኑር። እስከ ስንት ቀን፣ በስንት ገንዘብ መልቀቅ እንደምትችል ተጽፎ።

መቼ ነው የሚቆመው? ከዚያ በኋላስ?

ሰውነት ቀድሞ ይናገራል። ከሱ በፊት ግን ብዙ ጊዜ የሚናገረው ስልኩ ነው፤ በሐምሌ ይጠራ የነበረው በመስከረም፣ ከዚያ በኅዳር፣ የተጎዳ ሰው ለመተካት ብቻ ይጠራል። ጨርሶ ከመቆሙ በፊት ተዘጋጅ። የአሰልጣኝነት ኮርስ፣ ያልጨረስከው ዲግሪ፣ የምታውቃቸው ሰዎች ስልክ። አምስት ሊግ ውስጥ የተጫወተ ሰው የአምስት ሊግ አሰልጣኞችን፣ ወኪሎችንና የጨዋታ ስልት ያውቃል፤ ይሄ እውቀት ገዢ አለው። አንቶኒ ፓርከር በማካቢ ቴል አቪቭ በ2004ና በ2005 የዩሮሊግ ዋንጫ ወስዶ፣ ኤንቢኤ ተመልሶ፣ ጫማ ከሰቀለ በኋላ የኦርላንዶ ማጂክ ጄኔራል ማናጀር ለመሆን በቅቷል።

ወኪሌ አሁን ደውሎ “ነገ ማታ ትበራለህ” ቢለኝ ምን ልጠይቀው?

ደስታው ያስረሳል፣ ስለዚህ ወረቀት ላይ ጻፈው። ውሉ በሁለቱም ወገን ተፈርሟል ወይስ እዚያ ስደርስ ነው? ዋስትና ያለው ነው ወይስ የሙከራ ጊዜ አለው፣ ስንት ቀን? የመጀመሪያው ክፍያ መቼ ነው? የባት አንቀጽ አለ? ቪዛውና የሥራ ፈቃዱ በማን በኩል ነው? ባለፈው ዓመት እዚያ የተጫወተው የውጭ ልጅ ማን ነው፣ ስልኩንስ ታገኝልኛለህ? ይሄን የመጨረሻውን በፍጹም አትዝለለው። አስር ደቂቃ ከሱ ጋር ብታወራ ክለቡ በእርግጥ ይከፍል እንደሆነ፣ ቤቱ ማሞቂያ እንዳለው፣ አሰልጣኙ ሲሸነፍ ምን እንደሚሆን ይነግርሃል።

ከዚያ ትኬቱን እይ። መመለሻ ከሌለው እስኪላክልህ ጠብቅ። ጫማህን ሁለት ጥንድ አድርገህ በእጅ ሻንጣ ያዝ። ትልቁ ሻንጣ ቢጠፋ ማሊያ ይሰጡሃል፣ 49 ቁጥር ጫማ ግን በዚያ ከተማ ላይገኝ ይችላል።